የጣሊያን ሥነ ጽሑፍ ታሪክ በእኛም ደጅ ያልፋል

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፦

በቅርቡ በኪነ ጥበብ ዓምዳችሁ ስለ ጣሊያን ሥነ ጽሑፍ ታሪክ ያወጣችሁትን ጽሑፍ በጥሞና አንብቤዋለሁ። በጋዜጦቻችን ላይ ስለ ውጭ ሀገር ሥነ ጽሑፍ ሲወሳ አብዛኛውን ጊዜ የሚነሡት የእንግሊዝና የሩሲያ ደራስያን በመሆናቸው፣ ዓምዱ ፊቱን ወደ ጣሊያን ማዞሩ አስደስቶኛል። ይሁን እንጂ ጽሑፉ ሦስቱን የጥንት ታላላቅ ደራስያን፣ ዳንቴን፣ ፔትራርካንና ቦካቾን፣ ተራ በተራ ካወደሰ በኋላ ብዙ መቶ ዓመታትን በጥቂት አንቀጾች ዘልሎ በኖቤል ተሸላሚዎች ስም ዝርዝር ተቋጭቷል። ይህ አውሮፓውያን ለራሳቸው ተማሪዎች ያዘጋጁት መማሪያ መጽሐፍ የሚከተለው መንገድ ነው። ዕድሜዬን በደሴና በዙሪያዋ ሥነ ጽሑፍ ሳስተምር የኖርሁ ሰው እንደመሆኔ፣ ይኸው ታሪክ ለኢትዮጵያዊ አንባቢ ሲተረክ እኛ ከቆምንበት ቦታ ተነሥቶ መተረክ እንዳለበት አምናለሁና ምክንያቴን እንዳስረዳ ይፈቀድልኝ። የምጠቅሳቸው ዓመታት፣ ካላመለከትሁ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከሁሉ አስቀድሞ ያልተስማማኝ ዳንቴ የጣሊያንን ቋንቋ ብቻውን እንደፈጠረ አድርጎ የሚያቀርበው አገላለጽ ነው። ዳንቴ በ1265 ፍሎረንስ ውስጥ ከመወለዱ ከሦስት መቶ ዓመት በፊት፣ በ960፣ ካፑዋ በምትባል የደቡብ ጣሊያን ከተማ የተጻፈ አንድ የፍርድ መዝገብ አለ። የሞንቴ ካሲኖ ገዳም ከአንድ ባለርስት ጋር ስለ መሬት ሲሟገት የተዘጋጀው ይህ መዝገብ ከዳር እስከ ዳር በላቲን የተጻፈ ሲሆን፣ የምስክሮቹ ቃል ብቻ ሕዝቡ አፉን በፈታበት ቋንቋ ሰፍሯል። እነዚህን መሬቶች፣ እዚህ በተነገረው ወሰን ውስጥ፣ ገዳሙ ሠላሳ ዓመት ይዟቸው እንደኖረ አውቃለሁ የሚል ነው ቃሉ። ዳኛው በላቲን ይፈርዳል፤ የምስክሩ ቃል ግን ሊለወጥ ስለማይገባው እንደተነገረው ተጻፈ። በሀገራችን የርስት ሙግት የተካሄደበትን ሸንጎ የሚያስታውስ ሰው የዚያን ምስክር ድምፅ ለመለየት አይቸገርም። የጣሊያንኛ ጽሑፍ የሚታወቅ የመጀመሪያ ምስክር ይኸው በሸንጎ የተመሰከረ ቃል ነው።

ከዚያ የቀጠለው ምስጋና ነው። መነኩሴው የአሲሲው ፍራንቸስኮ በ1225 ገደማ፣ በሕመም ላይ ሳለና የዓይኑ ብርሃን እየደከመ በነበረበት ጊዜ፣ ፀሐይን ወንድሜ፣ ጨረቃን እኅቴ፣ ምድርንም እናታችን እያለ ፈጣሪን የሚያመሰግንበትን መዝሙር በትውልድ አገሩ በኡምብሪያ ሰዎች አነጋገር ደረሰ። የቤተ ክርስቲያኑ ጸሎት ሁሉ በላቲን በነበረበት ዘመን እርሱ በገበሬው አፍ ማመስገንን የመረጠው መዝሙሩ እንዲዘመርለት ፈልጎ ነው። ከእርሱም በኋላ በየከተማው የተቋቋሙ የምእመናን ማኅበራት በሕዝብ ቋንቋ የሚዘመሩ ውዳሴዎችን እያበዙ ሄዱ። በተመሳሳይ ዘመን በሲሲሊ፣ በንጉሠ ነገሥት ፍሬደሪክ ሁለተኛ ቤተ መንግሥት፣ የንጉሡ ሹማምንትና ጸሐፊዎች በሲሲሊ አነጋገር የፍቅር ግጥም ይገጥሙ ነበር፤ ዓለም ሁሉ ዛሬ የሚያውቀውን ባለ 14 ስንኙን ሶኔት የፈጠረው ከእነዚሁ አንዱ፣ የውል ጸሐፊው ጃኮሞ ዳ ሌንቲኒ እንደሆነ ይታመናል። ዳንቴም ራሱ የሕዝብን ቋንቋ ለሥነ ጽሑፍ ስለማብቃት በጻፈው ድርሳን ውስጥ የሲሲሊ ሰዎችን ቀዳሚነት በግልጽ መስክሯል።

ይህን ክፍል ያስረዘምሁት ያለ ምክንያት አይደለም። ወሎ ሁለት የሊቃውንት ቋንቋዎች ጎን ለጎን የኖሩበት አገር ነው። በሰሜን የዋድላ የቅኔ ቤት ስሙ በመላ ሀገሪቱ የታወቀ ሲሆን የሚቀኘው በግእዝ ነው። በደቡብና በምሥራቅ ባሉት የእስልምና ትምህርት ማዕከላት ደግሞ የዕውቀቱ ቋንቋ ዐረብኛ ነበር። ሕዝቡ ግን በገበያውም በቤቱም፣ በልቅሶውም በሠርጉም የሚናገረው በአብዛኛው በአማርኛ ነው። ታላላቆቹ ሼኾች፣ ከእነርሱም ሼኽ ጦልሃ ጃዕፈር፣ ዐረብኛን አሳምረው የሚያውቁ ሆነው ሳለ መንዙማቸውን በአማርኛ ደርሰው በዐረብኛ ፊደል ጽፈውታል። ይህን ያደረጉት ድቤው ሲመታ ተቀብሎ የሚያዜመው ሰው የሚለውን እንዲያውቀው ነው። ፍራንቸስኮና ሼኽ ጦልሃ በሃይማኖትም፣ በዘመንም፣ በአገርም ይለያያሉ፤ ሁለቱን ያገናኛቸው የወሰዱት ውሳኔ ነው። ስለዚህ የጣሊያን ሥነ ጽሑፍ አጀማመር ለአንድ የወሎ ተማሪ በትክክል ቢነገረው በአያቱ ቤት ሲሰማው የኖረው መንዙማ ሥነ ጽሑፍ መሆኑን ለመገንዘብ ይረዳዋል፤ ይህን ደግሞ ከማንኛውም የመማሪያ መጽሐፍ ሲያገኘው አላየሁም።

ዳንቴን ወደ መካከል ስናመጣው ታዲያ ታላቅነቱ አይቀንስም። በ1302 የፖለቲካ ባላንጣዎቹ ከፍሎረንስ አሳደዱት፤ ቢያዝ በእሳት ይቃጠል ተብሎ ተፈረደበት፤ በ1321 ራቬና ውስጥ እስከሞተበት ጊዜ ድረስ ወደ ከተማው አልተመለሰም፤ አፅሙም እስከ ዛሬ እዚያው በራቬና ነው። ሲኦልን፣ መካነ ንስሐንና ገነትን የሚያስጎበኘውን የ14,233 ስንኝ ግጥሙን የጻፈው በዚህ ስደት ላይ ሆኖ፣ ከአንዱ መስፍን ቤት ወደ ሌላው እየተንከራተተ ነው። የስንኞቹን አሠራር ለግጥም ወዳዶች ባጭሩ ላሳይ። እያንዳንዱ አንጓ ሦስት ስንኝ አለው፤ አንደኛውና ሦስተኛው ስንኝ እርስ በርሳቸው ቤት ይመታሉ፤ መካከለኛው ግን ለጊዜው ብቻውን ቀርቶ ቤቱን የሚያገኘው በሚቀጥለው አንጓ አንደኛና ሦስተኛ ስንኝ ላይ ነው። የሁለተኛው አንጓ መካከለኛም እንዲሁ ሦስተኛውን ይጠብቃል። በዚህ ዓይነት አንጓዎቹ እርስ በርስ እንደተያያዙ ከአንዱ መዝሙር (የግጥሙ ምዕራፍ ማለት ነው) መጀመሪያ እስከ መጨረሻው ይዘልቃሉ፤ ከመካከል አንድ አንጓ ጎምዶ ማውጣትም ሆነ ባዕድ አንጓ ማስገባት አይቻልም። መዝሙሮቹ 100 ሲሆኑ እያንዳንዱ ስንኝ በመሠረቱ 11 ቀለም ይቆጠርበታል። አጭሩን የግእዝ ቅኔ፣ ጉባኤ ቃናን፣ የቀመሰ የአብነት ተማሪ ይህን ሥርዓት ቢያየው ከሁላችንም ፈጥኖ የሚረዳው ይመስለኛል።

ይህን ሁሉ በሕዝብ ቋንቋ በማድረጉ ግን ተወቅሷል። ጆቫኒ ዴል ቪርጂሊዮ የተባለ የቦሎኛ መምህር በ1319 ገደማ በላቲን ግጥም ጽፎ፣ እንዲህ ያለ ከፍ ያለ ነገር ስለምን ለተራው ሕዝብ ትበትናለህ፣ በላቲን ጻፍና ክብር ተቀበል ብሎታል። ዳንቴ ላቲን እንደማያንሰው ለማሳየት መልሱን በላቲን ግጥም ሰጠው፤ ታላቁን ሥራውን ግን በጀመረበት ቋንቋ ፈጸመው። ከእርሱ ቀጥሎ የመጣው ፔትራርካ በ1341 ሮም ላይ የባለቅኔነት አክሊል ሲደፋ ተስፋውን የጣለው አፍሪካ በተሰኘው የላቲን ግጥሙ ላይ ነበር፤ ዛሬ ዓለም የሚያስታውሰው ግን እርሱ እንደ ቀላል ነገር ይጠራቸው በነበሩት በ366ቱ የጣሊያንኛ ግጥሞቹ ነው። ቦካቾም በ1348ቱ ወረርሽኝ ፍሎረንስን ሸሽተው የወጡ ዐሥር ወጣቶች በዐሥር ቀን የሚያወሯቸውን 100 ተረኮች በዴካሜሮን ከጻፈ በኋላ፣ በ1373 ዳንቴን በአደባባይ ለፍሎረንስ ሕዝብ እንዲያስተምር ተሾመ፤ ምሥጢርን ለመሐይምናን ገለጥህ ብለው የነቀፉት ሰዎችም አልጠፉም። ጽሑፋችሁ ሦስቱን እንደ ሦስት ሐውልት አቁሞ ሲያልፋቸው ያለፈው ይህን ክርክር ነው፤ ለእኔ ደግሞ የታሪኩ ነፍስ ያለችው በክርክሩ ውስጥ ነው።

ቀጣዮቹን መቶ ዓመታት በፍጥነት ማለፍ ይቻላል፤ አንድ ነገር ግን መዘለል የለበትም። በ1525 ፒዬትሮ ቤምቦ የተባለ የቬኒስ ሊቅ፣ ጣሊያንኛ የሚጽፍ ሁሉ ለግጥም ፔትራርካን፣ ለስድ ንባብ ቦካቾን አርአያ ያድርግ የሚል ድርሳን አሳተመ፤ ሐሳቡም አሸነፈ፤ በ1612 የታተመው፣ የቋንቋ ሊቃውንት ማኅበር የሆነው የክሩስካ አካዳሚ መዝገበ ቃላትም ይህንኑ መንገድ አጸና። የጽሑፉ ቋንቋ ተከበረ፣ ጸናም፤ ነገር ግን ሁለት መቶ ዓመት ያለፈውን የፍሎረንስ አነጋገር መለኪያ ስላደረገ ከሕያው ሕዝብ አፍ ራቀ። በ1861 ጣሊያን አንድ መንግሥት ስትሆን ጣሊያንኛ የሚናገረው ሰው ከመቶ ሁለት ተኩል ያህል ብቻ እንደነበረ የገመቱ ምሁራን አሉ፤ ከፍ አድርገው የገመቱትም ከመቶ ዐሥር ገደማ ነው የሚሉት። የሚላኑ ተወላጅ አሌሳንድሮ ማንዞኒ በ1827 ያሳተመውን ታላቅ ልብ ወለድ በሕያው የፍሎረንስ አነጋገር መሠረት እንደገና አርሞ ከ1840 እስከ 1842 ዳግመኛ እንዲያሳትም ያስገደደውም ይኸው ክፍተት ነው። አንድ ደራሲ የታወቀና የተወደደ መጽሐፉን አንባቢው እንዲረዳው ሲል ለዓመታት ቁጭ ብሎ ከቃል ወደ ቃል ማደሱን እጅግ አከብራለሁ። ጆቫኒ ቬርጋ ደግሞ በ1881 የሲሲሊ ዓሣ አጥማጆችን ኑሮ ሲጽፍ በሌላ አቅጣጫ ሄዶ፣ ጣሊያንኛውን በመንደሩ ምሳሌያዊ አነጋገርና የአነጋገር ስልት አስጌጠው።

አሁን ጽሑፋችሁ ፈጽሞ ወዳልነካው ነገር ልግባ። ኢትዮጵያ በጣሊያን ሥነ ጽሑፍ ውስጥ የገባችው በወረራው ጊዜ ሳይሆን ከዚያ ቢያንስ ከአራት መቶ ዓመት በፊት ነው። ሎዶቪኮ አሪዮስቶ በ1516 መጀመሪያ ባሳተመው፣ በ1532 አስፍቶ በጨረሰው ረጅም የጀግንነት ግጥም በ33ኛው መዝሙር፣ አስቶልፎ የተባለው ባላባት በክንፋም ፈረስ ተቀምጦ ኢትዮጵያ ይደርሳል። በዚያም ሰናፖ የተባለውን እጅግ ባለጸጋ ክርስቲያን ንጉሥ ዓይኑ ታውሮ፣ ማዕድ በቀረበለት ቁጥር ሴት ፊት ያላቸው ነጣቂ ወፎች ምግቡን እየነጠቁና እያረከሱበት ሲሠቃይ ያገኘዋል፤ ባላባቱም መለከት እየነፋ ወፎቹን እስከ ሲኦል ደጃፍ ያባርራቸዋል። የኢትዮጵያ ክርስቲያን ንጉሥ ነው ይባል የነበረው የካህኑ ዮሐንስ ዝና በአውሮፓውያን ምናብ ውስጥ ምን ያህል እንደገዘፈ ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ ገጽ አላውቅም።

ከአሪዮስቶ ይልቅ ልቤን የሚነካው ግን ቶርኳቶ ታሶ ነው። በ1581 የታተመው ግጥሙ የመስቀል ጦረኞች ኢየሩሳሌምን ስለያዙበት ዘመቻ የሚተርክ ሲሆን፣ ከከተማዋ ተከላካዮች ወገን ክሎሪንዳ የተባለች ወደር የሌላት ሴት ተዋጊ አለች። በ12ኛው መዝሙር፣ ወደ ሌሊት ግዳጅ ልትወጣ ስትሰናዳ፣ ያሳደጋት ሽማግሌ አርሴቴ እስከዚያ ቀን የደበቀውን ምሥጢር ይነግራታል። እርሷ የኢትዮጵያ ንጉሥ የሰናፖ ልጅ ናት። ጥቁርና ውብ የነበረችው ንግሥት በእልፍኟ ግድግዳ ላይ የተሣለውን፣ ቅዱስ ጊዮርጊስ ዘንዶውን ወግቶ ልጃገረዲቱን ሲያድን የሚያሳይ ሥዕል እያየች ስትጸልይ ኖራ ነጭ ልጅ ወለደች። የባሏን ቅናት ፈርታም ሕፃኗን አስጠምቅልኝ ብላ ለአርሴቴ ሰጠችው፤ እርሱ ግን ሳያስጠምቃት በእስልምና አሳደጋት። በዚያው ሌሊት የሚወዳት ባላባት ታንክሬዲ በጨለማ ማንነቷን ሳያውቅ ገጥሟት ያቆስላታል፤ ልትሞት ስትል አጥምቀኝ ብላው ከምንጭ በራስ ቁሩ ውኃ ቀድቶ ያጠምቃታል። የቅዱስ ጊዮርጊስን ሥዕል በየደብሩ እያየ ላደገ፣ ላሊበላ ወርዶ ቤተ ጊዮርጊስን ለተሳለመ የወሎ ሰው ይህ ታሪክ ባዕድ ሊሆንበት አይችልም። እርግጥ ነው፣ ታሶ ኢትዮጵያዊቷን ጀግና ለማድረግ ቆዳዋን ማንጣት ያስፈለገው መሆኑ ልንጠይቀው የሚገባ ጥያቄ ነው፤ ጥያቄውን አንሥቶ የሚከራከር ኢትዮጵያዊ አንባቢ ግን አስቀድሞ ግጥሙን ማግኘት አለበት።

እነዚህ ባለቅኔዎች ስለ ኢትዮጵያ የሰሙት ከነፋስ አይደለም። በ1441 ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ለቤተ ክርስቲያን ጉባኤ ፍሎረንስ ተገኝተው ነበር። በሮም በቫቲካን አጠገብ ያለው የቅዱስ እስጢፋኖስ ቤተ ክርስቲያን የኢትዮጵያውያን ገዳም ነበር፤ በ1513 መዝሙረ ዳዊት በግእዝ በሮም ሲታተም የገዳሙ መነኮሳት ረድተዋል፤ በ1548 እና 1549 ደግሞ አባ ተስፋ ጽዮን ሐዲስ ኪዳንን በዚያው አሳትመዋል። በቤተ አምሐራ መካነ ሥላሴ፣ ማለትም በዛሬው ደቡብ ወሎ የተወለዱት አባ ጎርጎርዮስ በ1649 ከጀርመናዊው ሊቅ ከሂዮብ ሉዶልፍ ጋር የተገናኙት በዚሁ ቤት ነው፤ ሉዶልፍ በ1698 ያሳተማቸው የአማርኛ ሰዋስውና መዝገበ ቃላትም በእርሳቸው ትምህርት ላይ የቆሙ ናቸው። የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ፣ የአፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ ሥራ፣ በ1908 የታተመው ሮም ላይ መሆኑን ብዙ አንባቢ ያውቃል፤ ከዚያ በፊት በዚያች ከተማ የኖሩትን የወሎ ልጅ ግን በገዛ አገራቸው የሚያስታውሳቸው ጥቂት ነው።

ቀጥሎ የሚመጣውን መሸፈን አይገባም። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን በቦምብ ሲደበድቡ፣ የቀይ መስቀል ምልክት ያለበት ሆስፒታል ሳይቀር ሲመታ፣ የጣሊያን ሥነ ጽሑፍ ታላላቅ ስሞች ዝም ብለው አልተቀመጡም። ገጣሚው ዳኑንዚዮ ወረራውን በጽሑፍ አወደሰ። ፉቱሪዝም የተባለው የኪነ ጥበብ ንቅናቄ መሥራች ማሪኔቲ በፈቃደኝነት ዘምቶ መጣና ጦርነቱን የሚያሞግስ ግጥም አሳተመ። በ1934 ኖቤል የተሸለመው ጸሐፌ ተውኔት ፒራንዴሎም የሽልማት ሜዳሊያውን ለጦርነቱ ወርቅ በሚሰበሰብበት ዘመቻ ሰጠ። የእናንተ ዓምድ ፒራንዴሎን በኖቤሉ ብቻ ሲያነሣ፣ ያ ሜዳሊያ ቀልጦ በማን ላይ እንዲውል እንደተሰጠ ለደሴ አንባቢ ሳይነግረው ቀርቷል። ተውኔቶቹ ታላቅ ናቸው፤ አስተምሬያቸዋለሁም፤ ይህም አብሮ መነገር አለበት።

በዚያው ሥነ ጽሑፍ ውስጥ የተቃወሙና የተጸጸቱም አሉ። ካርሎ ሌቪ በፋሺስቶች ተግዞ በደቡብ ጣሊያን ተራራማ መንደር በቆየበት ጊዜ፣ የመንደሩ ድሆች ገበሬዎች የኢትዮጵያን ጦርነት የራሳቸው እንዳላደረጉት በ1945 ባሳተመው መጽሐፍ መስክሯል። ኤኒዮ ፍላያኖ በወጣትነቱ በመኮንንነት ኢትዮጵያ ዘምቶ ነበር፤ በ1947 ያሳተመውና የስትሬጋን የሥነ ጽሑፍ ሽልማት በመጀመሪያው ዓመት ያገኘው ልብ ወለዱ፣ ጥርሱን የታመመ አንድ የጣሊያን መቶ አለቃ መንገድ ስቶ ስትታጠብ ካገኛት ኢትዮጵያዊት ጋር አድሮ፣ ሌሊት የተኮሰው ጥይት ነጥሮ ካቆሰላት በኋላ እርሱው ገድሎ እንደቀበራትና ከዚያ በኋላ በፍርሃት እንደታመሰ የሚተርክ ነው። ስለ ድል አንዲት ቃል የለበትም፤ ሟቿ ግን ለራሷ የምትናገርበት ገጽም የለውም። ያን ገጽ ስልሳ ዓመት ቆይታ የጻፈችው በ1965 አዲስ አበባ የተወለደችው ጋብሪኤላ ጌርማንዲ ናት። በ2007 በጣሊያንኛ ባሳተመችው ልብ ወለድ ማሕሌት የተባለች ልጅ ለአዛውንቱ ያዕቆብ በገባችው ቃል መሠረት የአርበኞችን ታሪክ ከሽማግሌዎችና ከአሮጊቶች አፍ እየሰበሰበች ትተርካለች። በምስክር ቃል የተጀመረ ሥነ ጽሑፍ ዛሬ የእኛንም ምስክሮች ቃል ተቀብሏል ማለት ነው።

ስለዚህ ለዝግጅት ክፍላችሁ የማቀርበው ጥያቄ ቁርጥ ያለ ነው። ዓምዱ በዚህ ርዕስ ላይ እንዲቀጥልና ከእያንዳንዱ ዘመን አንዳንድ ምንባብ ወደ አማርኛ ተተርጉሞ እንዲወጣ እጠይቃለሁ፤ ከፍራንቸስኮ ምስጋና፣ ከታሶ 12ኛ መዝሙር፣ ከፍላያኖና ከጌርማንዲ ቢጀመር መልካም ነው። ትርጉሙ በእንግሊዝኛ በኩል ዞሮ ሳይሆን በቀጥታ ከጣሊያንኛ ይሁን፤ ቋንቋውን ጠንቅቀው የሚያውቁ ሰዎች በአዲስ አበባም በሌላም ከተማ አሉና ዝግጅት ክፍሉ ቢጠይቃቸው እምቢ አይሉም ብዬ አምናለሁ። በእኛ አካባቢ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ እነዚህን መጻሕፍት በየትኛውም ቋንቋ ማግኘት አይቻልም፤ ጋዜጣችሁ ግን እዚህ ደሴ ፒያሳ ድረስ ይደርሳል። ከምንባቡ ጎን የሼኽ ጦልሃ መንዙማ ወይም የዋድላ ቅኔ እየተመረጠ እንዲወጣ ፈቃዳችሁ ከሆነ፣ እኔም ሆንሁ ከእኔ ጋር ያስተማሩ ባልደረቦቼ ከአዋቂዎች ጠይቀን አዘጋጅተን ለመላክ ዝግጁ ነን።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር፣
የጋዜጣችሁ የዘወትር አንባቢ
ከደሴ